የጋሼ ዜኖን አተነፋፈስ

ሎስ አንጀለስ፣ ፌርፋክስ
ጥቅምት 12 ቀን 2018 ዓ.ም.

ትርሲትዬ፣ የዓይኔ ብርሃን፤

እንዴት ከርመሻል? ልጆቹስ? እኔ ጉልበቴ ይጠዘጥዘኛል እንጂ ደህና ነኝ።

ፒኮ ሮበርትሰን የሚባል ሰፈር እየሄድኩ ስለማስታምማቸው ፖላንዳዊ ሽማግሌ አጫውቼሽ ይሆናል። «ሚስተር» ማለት አልሆንልሽ ስላለኝ ጋሼ ዜኖን እላቸዋለሁ፤ ወደውታል። ዕድሜያቸውን ሙሉ የፊልም ተዋናይ ነበሩ፤ ግን የሚያውቃቸው የለም። በአገራቸው ፖስተኛ፣ አስተናጋጅ፣ ግድግዳ ሥር ቆሞ የሚረሸን ወታደር ሆነው ሠሩ። አንዴ ዋናውን ሰው ሆነው ቢሠሩ ፊልሙን ሳንሱር አገደው። እዚህ ሲመጡ ደግሞ በአነጋገራቸው የተነሳ ሁሌም የሩሲያ ሰላይ አደረጓቸው።

«አይቆጭዎትም?» አልኳቸው አንድ ቀን።

«ፖስተኛ ስሆን እኮ የእውነት ፖስተኛ ነበርኩ» አሉኝ።

በቀደም አንዲት ወጣት የፊልም ዳይሬክተር ደወለችላቸው። አልጋ ላይ ሆኖ የሚሞት፣ አንዲት ቃል የማይናገር ሽማግሌ ፈልጋ ነው። እኔ በዚህ ዕድሜ ሞትን መጥራት ምን ይባላል ብዬ ተቆጣሁ። እሳቸው ግን ከእኛ ቤት በታች ያለው የሐበሻ ጸጉር ቤት ድረስ መጥተው እንደ ሙሽራ ተስተካከሉ። ከዚያ አስቀመጡኝና፣ «ታደለች፣ እኔ ሞቼ አላውቅም። አንቺ ሰው አስታመሻል። በመጨረሻ ላይ እንዴት ነው የሚተነፍሰው?» አሉኝ።

የአባትሽን ነገርኳቸው። ቪዛ ከልክለውሽ ሲሞት ሳትደርሺ ቀረሽ፤ ስለ መጨረሻው በስልክ ስትጠይቂኝ ወሬ የምቀይረው ጨክኜ ሳይሆን አንደበቴ እምቢ እያለኝ ነው። ትንፋሹ እየራቀ ሄደ፤ ዳገት እንደሚወጣ ሰው አረፍ ይላል፣ ቅንድቡን ከፍ ያደርጋል፣ ደግሞ ይቀጥላል። ጋሼ ዜኖን ዓይናቸውን ጨፍነው ሰሙኝ።

የቀረጻው ቀን እኔው ድራይቭ አድርጌ ወሰድኳቸው። ተኙና መተንፈስ ጀመሩ። ልጄ፣ አባትሽ ብርሃኑ ራሱ ነው። ማረፉ፣ ቅንድቡ። ሳላውቀው ሄጄ እጃቸውን ይዤ፣ «አይዞህ፣ አለሁ» አልኩ። ዳይሬክተሯ ካሜራውን አላስቆመችም።

ሲያበቃ ዓይናቸውን ገልጠው በቀስታ፣ «ልክ ነበር?» አሉኝ።

«ልክ ነበር» አልኳቸው። አለቀስኩ፤ ግን ቀለለኝ።

ዳይሬክተሯ ይህን ከፊልሙ አልቆርጠውም ብላኛለች። ሲወጣ እልክልሻለሁ፤ የእኔ ፊት የለበትም፣ እጄ ብቻ ነው የሚታየው። አባትሽም ያንኑ እጅ ጨብጦ ነው የሄደው፤ ብቻውን አልነበረም።

እመብርሃን አንቺንም ልጆችሽንም ከጥላዋ አታውጣችሁ።

እናትሽ
ታደለች