ገመዱ ላይ የተሰጣው ባንዲራ

መስከረም፣

ኧረ ቤትሽን ቆንስላ ላደርገው ብዬ አይደለም! ማታም ነግሬሽ አላምን አልሽኝ። በተኩሱ ድንበሩ ሲዘጋ፣ ማዶ ሱዳን ገላባት ካለው የቆንስላ ቢሯችን ባንዲራውን ይዤ የወጣሁት እኔ ነኝ። አቧራ ጠጥቶ ስለነበር አጥቤ የልብስ ገመድሽ ላይ ሰጣሁት። ቢሮው ወደዚህ ተዛውሯል ብሎ የመተማ ሰው በራችን ላይ ይሰለፋል ብዬ በምን ልጠርጥር?

ግን እንዴት አሳቅሽኝ! ያ ለሰሊጥ አጨዳ ከጎጃም የመጣው ሰውዬ፣ እጣቢ ልትደፊ ስትወጪ ብድግ ብሎ፣ «ክብርት ቆንስል፣ ማዶ የቀረ ወንድሜን ያፈላልጉልኝ» ሲልሽ! «እኔ ሻይ ሻጭ ነኝ!» ብለሽ ጮኽሽበት። ከዚያ ለሰልፈኛው ሁሉ ሻይ ቀዳሽ። «ይፈለጋል» ስትዪውም ሰምቻለሁ።

ዛሬ ድንበሩ ተከፈተ! ማዶ ያለው ቢሯችን ሥራ ይጀምራል፤ በደስታ ጫማዬን ግራና ቀኝ አቀያይሬ አድርጌ ነበር። «እንደገና ተኩስ ቢነሳ ማን ያወጣሻል?» ላልሽው…

ሽሮው ድስቱ ውስጥ አለ፣ አሙቂው።
ነጭ ቀሚስሽ ከባንዲራው አጠገብ ተሰጥቶ ብብቱ አረንጓዴ ሆኗል። እባክሽ አትጩሂ፤ ከማዶ ሌላ አመጣልሻለሁ።
ገመዱን አታንሺው።

መጀመሪያ የምፈልገው የሰውዬውን ወንድም ነው። ቃል ገብተሽለታላ፣ ክብርት ቆንስል!

አሁንም ደጅ ሆነሽ «ስኳር አንድ ማንኪያ ብቻ!» እያልሽ ሰልፈኛውን ስትቆጪ ይሰማኛል። ባንዲራውን አጣጥፌያለሁ፤ በጓሮ በር እወጣለሁ።

ሮዳስ