«ባለቤትዎ ትራንዚሽን አድርገዋል» ስላላችሁኝ

ለሆስፒታሉ የቃላት አጠቃቀም ኮሚቴ ክቡር ሰብሳቢ
አትላንታ

ክቡር ሆይ፤ ለእርስዎና ለቤተሰብዎ ሙሉ ጤና እመኛለሁ። ምኞቴ ከተለመደው ሰላምታ ጠንከር ያለ ነው፤ ቢታመሙ የሚተኙት እኛ በተኛንበት ሆስፒታል እንዳይሆን እሰጋለሁና።

ፀሐይነሽ እባላለሁ፤ ኮሌጅ ፓርክ ከኤርፖርቱ አጠገብ ሆቴል ውስጥ እሠራለሁ። ባለቤቴ ጎሹ በዚህ ክረምት ልቡን ታሞ እናንተ ዘንድ ተኝቶ ነበር። በአደባባይ የምጽፍልዎ ማንንም የማያስቀይሙ ቃላት ለመምረጥ ስለምትደክሙት ድካም ላመሰግናችሁ ነው።

አንደኛ፦ «ታማሚ» የሚለው ቃል ክብር ይነካል ብላችሁ በ«እንግዳ» ስለተካችሁት አመሰግናለሁ። በእኛ ሆቴል እንግዳ ሻንጣውን እየጎተተ በእግሩ ይወጣል፤ ስለዚህ ጎሹ አፍንጫው ላይ ቱቦ ተሰክቶለት «እንግዳችን» ሲባል ትንሽ ተጽናንቼ ነበር።

ሁለተኛ፦ ሥራ ላይ ሳለሁ ደውላችሁ፣ እጅግ በለሰለሰ ድምፅ «ባለቤትዎ ዛሬ በሰላም ትራንዚሽን አድርገዋል» ስላላችሁኝ አመሰግናለሁ። ለካስ ከጽኑ ሕሙማን ክፍል ወደ ሌላ ፎቅ ተዛወረ ማለታችሁ ነው፤ «ተዛወረ» ሰውን እንደ ዕቃ ያስቆጥራል ተብሎ በኮሚቴው ታግዷል አሉ። እኔ ግን ቃሉን የማውቀው ከሥራ ባልደረባዬ ነው። እዚህ አትላንታ ብዙዎች ለሞት እንደሚሉት፣ «እናቴ ትራንዚሽን አደረገች» አለችን፤ ቀብሩ ላይ ቆሜያለሁ።

ለጎሹ እህት ለሶስና ደወልኩና መናገር አቃተኝ፤ ከለቅሶዬ ገባት። ክላርክስተን ያሉትን የእድራችንን ሰዎች ጠርታ፣ ጥቁር ለብሰን መጣን። መንገዱን ሙሉ የፈራሁት ፊቱን ማየት ነበር። መግቢያው ላይ አስከሬኑ የት እንዳለ ብጠይቅ፣ ተቀባይዋ ልጅ ይህ ቃል እዚያ እንደማይባል በትሕትና አርማኝ ወደ አራተኛ ፎቅ ላከችን።

በሩን ስንከፍት ጎሹ ትራስ ተደግፎ ሾርባ ይጠጣል። እኔ ጮህኩ፤ ሶስና ወለሉ ላይ ዘፍ አለች። እሱ ማንኪያውን እንደያዘ ልብሳችንን ተራ በተራ አየና፣

«ማን ሞቶ ነው?» አለ።

ወደ እህቱ ዞረ።

«ሶስና፣ ንገሪኝ እንጂ!»

ዓይኗን ከእሱ ስታሸሽ ጥቁሩን ለእሱ እንደለበስን ገባው። እጄን ጥርቅም አድርጎ ያዘኝ።

«ፀሐይ፣ ሐኪሞቹ ምን አሉሽ? እኔን የደበቁኝ ምንድን ነው?»

ስህተት ነው ብዬ ብምል አላመነኝም። ሾርባውን ገፋው።

ሦስተኛ፦ ዶክተሩ በማግስቱ ፈገግ ብሎ «ነገ ወደ ቤት ትራንዚሽን ያደርጋሉ» ስላለው አመሰግናለሁ። ጎሹ የአልጋውን ብረት በሁለት እጁ ጨብጦ «የትኛው ቤት?» ሲል ጠየቀ።

አሁን ቤቱ ነው። ስልክ በጮኸ ቁጥር ፊቴን ያያል፤ እሱ ሲያሸልብ ደግሞ እኔ ደረቱ ከፍ ዝቅ ማለቱን እጠብቃለሁ። ክቡር ሆይ፣ ሰው እንዳይከፋ መጠንቀቃችሁን አልነቅፍም፤ ስሜን በትክክል ለመጥራት ደጋግማ የጠየቀችኝን ነርስ እስከ ዛሬ እመርቃታለሁ። ብቻ በእንግሊዝኛ «በሕይወት አለ» እና «ሞቷል» የሚሉ ቃላት ገና ካልጠፉ፣ ለእኛ ለቤተሰቦች ሲደወል እንዲፈቀዱልን በእግዚአብሔር ስም እለምናለሁ።

ለለሰለሰ ድምፃችሁ ከታላቅ አክብሮትና ከእሱ ከሚበልጥ ፍርሃት ጋር፣
የእንግዳችሁ ሚስት ፀሐይነሽ

ድኅረ ጽሑፍ፦ ጎሹ ማክሰኞ ለልብ ቀዶ ሕክምና ተመልሶ ይገባል። እባካችሁ አትደውሉልኝ። ስልኬን አጥፍቼ በሩ ላይ እቀመጣለሁ፤ ሲያወጡት እግሩን ነክቼ፣ መሞቁን በእጄ አረጋግጣለሁ።