ድምፅ አልባው ልቅሶ፦ የተዋናይት ሠርካለም ወልደ ሥላሴ የሕይወት ታሪክ

ተዋናይት ሠርካለም ወልደ ሥላሴ ከአባታቸው ከመሪጌታ ወልደ ሥላሴ ዘመነ እና ከእናታቸው ከወይዘሮ ጸሐይነሽ አበረ፣ ከወረታ በስተምዕራብ ወደ ጣና በሚወርደው የፎገራ ሜዳ፣ ግንቦት 12 ቀን 1970 ዓ.ም. ተወለዱ። አያልነህ የሚባል አንድ ታላቅ ወንድም ነበራቸው። ይህን ታሪክ የጻፈችው የአያልነህ ባለቤት፣ መምህርት ጽጌሬዳ ናት።

መሪጌታ ወልደ ሥላሴ የቅኔ መምህር ነበሩ። ተማሪዎቻቸው በግቢው ዛፍ ሥር ሲያጠኑ ሠርካለም ከአጥሩ ውጭ ከእናታቸው ጋር ሩዝ ይለቅሙ ነበር። ሠርካለም አንድ ጊዜ የሰሙትን አይረሱም። አንድ ቀን ተማሪው ሁሉ ቃሉ ጠፍቶበት ዝም ሲል፣ የሰባት ዓመቷ ሠርካለም ከአጥር ውጭ ሆነው ቅኔውን እስከ መጨረሻው አሉት። አባታቸው ወጥተው «የማን ቅኔ ነው ይኼ?» ብለው ጠየቁ።

«አላውቅም አባ።»

«እንግዲያስ ባለቤቱን ሳትጠሪ የሰው ቃል በአፍሽ አታግቢ።»

ሠርካለም ይህን ለልጃቸውም ለሥራ ባልደረቦቻቸውም ደጋግመው ይነግሩ ነበር። በተለይ በኋለኛው ዘመናቸው።

የአንደኛና የሁለተኛ ደረጃ ትምህርታቸውን በወረታ ከተማ ተከታትለዋል። በድራማ ክበብ ውስጥ ሲሳተፉ የሌላውንም ተዋናይ ድርሻ በቃላቸው ይዘው ስለሚገኙ፣ የቀረ ሰው ቢኖር ድራማው አይቀርም ነበር። በ1989 ዓ.ም. ባሕር ዳር በሚገኝ የኪነት ቡድን ተቀጠሩ፤ በ1992 ዓ.ም. ወደ አዲስ አበባ ሄዱ። እዚያም የፊልም አዘጋጅ ከሆኑት ከአቶ እንዳልካቸው ጋር ተዋውቀው በ1994 ዓ.ም. ትዳር መሠረቱ። በ1996 ዓ.ም. ብቸኛ ልጃቸውን ሉሊትን ወለዱ።

ባልና ሚስቱ ከትልልቅ ፊልም ሠሪዎች ጋር አልሠሩም። አንድ ካሜራ፣ አንድ ድምፅ ቀራጭ፣ ከጎረቤት የተለመነ ልብስ ነበራቸው። ሠርካለም ተዋናይት ብቻ ሳይሆኑ የቡድኑን ምግብ የሚያበስሉ፣ ሜካፕ የሚሠሩ፣ ቀረጻው ሲያልቅም የሰው ቤት ጠርገው የሚወጡ ሰው ነበሩ። «የመንገድ ዳር ሱቅ» እና «ሦስተኛዋ ተከራይ» በተባሉት ፊልሞች ያሳዩት ብቃት በሙያው ሰዎች ዘንድ አስመሰገናቸው። ድርሰቱ አንድ ጊዜ ከተነበበላቸው ወረቀት አይዙም ነበር።

በነሐሴ 2000 ዓ.ም. የርብ ወንዝ ሞልቶ ሜዳውን ሲያጥለቀልቅ፣ የእንስሳት ጤና ባለሙያ የነበረው ወንድማቸው አያልነህ በውኃ የተከበቡ ከብቶችን ለማየት በታንኳ ሲሻገር ሕይወቱ አለፈ። አስከሬኑ የተገኘው በሦስተኛው ቀን ስለ ነበር ሠርካለም ከአዲስ አበባ ለቀብሩ ደርሰዋል። የአያልነህ ባለቤት ድምፅ አውጥታ የምታለቅስ ሰው አይደለችም። አስከሬኑ ከቤት ሲወጣ ግን አራት ስንኝ አወረደች። ሠርካለም ከአጠገቧ ቆመው ነበር።

በእኛ ሰፈር አልቃሽ ለማንም የምታወርደው ሙሾ አለ፤ ከለቅሶ ለቅሶ ይዞራል። ሚስት ለባሏ ከራሷ አውጥታ ያለችውን ግን ሌላ ሴት በሌላ ሰው ላይ አትደግመውም። ከሬሳው ጋር ይሄዳል። ሠርካለምም ይህን ያውቁ ነበር።

በ2003 ዓ.ም. «ያልታጨደ» የተባለውን ፊልም እዚሁ ፎገራ ሠሩ። ሠርካለም ባሏ የሞተባት ገበሬ ሆነው ተጫወቱ። በድርሰቱ ለሩዝ ማሳው ትዕይንት የተጻፈ ሌላ ሙሾ ነበረ። ካሜራው ሲነሳ ግን ከአፋቸው የወጣው ለአያልነህ የተባለው ሙሾ ሆነ። የድምፅ ቀራጩ ሳይቀር አለቀሰ፤ ትዕይንቱም እንዳለ ቀረ። ሠርካለም ይህን ሲያነሱ፣ «መጀመሪያ አምልጦኝ ነው። ይቆረጥ ማለት ግን እችል ነበር፤ ማማሩን ሳይ ዝም አልሁ» ይሉ ነበር።

ፊልሙ በወረታ የታየው በአንድ አዳራሽ፣ የዕድር ወንበር ተደርድሮ ነው። ሕዝቡ ራሱንና አገሩን እያየ ይስቅ ነበር። ጎረቤታችን አቶ በላይነህ «በሬዬ! የእኔው ዳልቻ ነው! እዩት ሲኮራ!» ብለው ከመቀመጫቸው ሲነሱ አዳራሹ በሙሉ አጨበጨበላቸው። የሩዝ ማሳው ትዕይንት የመጣው ከዚያ ቀጥሎ ነው። ከፊት የተቀመጠችው የአያልነህ ባለቤት ሁለተኛውን ስንኝ ስትሰማ ተነስታ ወጣች። ሠርካለም ተከትለው በር ላይ ደረሱባት።

«እትዬ ጽጌ፣ ለአያልነህ ብዬ እኮ ነው።»

«ለአያልነህማ እኔ ብዬለት ነበር።»

ይህን ብላ ባጃጅ ተሳፍራ ሄደች።

በሳምንቱ ሠርካለም አባታቸውን ሽማግሌ አድርገው ላኩ። መሪጌታ በዚያ ዕድሜያቸው በምራታቸው ደጅ ቆመው «ልጄ ባለቤቱን ሳትጠራ የሰው ቃል በአፏ አገባች፤ ይቅር በያት» አሉ። ምራታቸውም ይቅር ብያለሁ አለች። ያለችው በአፏ እንደ ነበር ሽማግሌውም አላጡትም፤ ቡና አልጠጡም፣ ተመለሱ።

ከዚያ በኋላ ሠርካለም ባለቤታቸውን ለምነው ሙሾውን ከፊልሙ አስወጡ። በአዲሶቹ ቅጂዎች ሴትዮዋ አፏ ይንቀሳቀሳል፤ ድምፅ የለም። የነፋሱ ድምፅ እንኳ አብሮ ወጥቷል። ፊልሙ በየስፍራው ሲታይ ተመልካች ከሁሉ አብልጦ ያደነቀው ይህንኑ ዝምታ ነው፤ ሽልማትም አስገኘላቸው። ሠርካለም ሽልማቱን ለመቀበል አልሄዱም። ምክንያቱን የጠየቋቸውን «ያመሰገናችሁኝ በደበቅሁት ነገር ነው» ብለው መልሰዋል። ከዚያ ወዲህ በሠሯቸው ፊልሞች የሐዘንተኛ ገጸ ባሕርይ አልተጫወቱም። እንዲጫወቱ ሲጠየቁ ሥራውን እስከ መተው ደርሰዋል።

በየዓመቱ ለአያልነህ መታሰቢያ ወረታ ይመጡ ነበር። ከሴቶቹ ጋር ጓዳ ገብተው ዕቃ ያጥባሉ፣ ውኃ ይቀዳሉ፤ አያለቅሱም። አንድ ዓመት ከለቀስተኛው መካከል «ይቺ ሴት ካሜራ ካልመጣላት እንባ የላትም እኮ!» የሚል ድምፅ ተሰማ። ሌላዋ ደግሞ «ተያት እቴ፣ በነጻ አታለቅስም» አለች። ሠርካለም ሰምተው ማጠባቸውን ቀጠሉ። የማያለቅሱበትን ምክንያት የሚያውቅ ሰው እዚያው ቤት ነበረ፤ አልመለሰላቸውም።

በ2015 ዓ.ም. የጡት ካንሰር ሕመም ተገኘባቸው። በአዲስ አበባ ሕክምናቸውን ሲከታተሉ ቆይተው፣ ዘንድሮ መስከረም ላይ መንገዱ ክፍት በነበረበት ሳምንት ወደ ወረታ መጡ። ወላጆቻቸው አርፈው ስለ ነበር የተቀመጡት በወንድማቸው ቤት ነው። የወንድማቸው ባለቤት አስታማቸዋለች። ስለ ፊልሙ አልተነጋገሩም። ስለ ሩዙ፣ ስለ ሉሊት ትምህርት፣ ስለ አቶ በላይነህ በሬ ተነጋገሩ።

አንድ ቀን ጧት ጽጌሬዳ ከአልጋው አጠገብ ልብስ እያጠፈች፣ በልቧ የያዘችው ከአፏ ወጣ። ለባሏ ያወረደችውን ሙሾ በለሆሳስ ጀመረች። ሁለት ስንኝ ብላ ቆመች። ሦስተኛው የለም። በእነዚህ ሁሉ ዓመታት ለማንም ሳትሰጠው፣ ለራሷም ሳትለው፣ ጠፍቶባት ኖሯል። የታጠፈውን ልብስ እንደያዘች ቀረች።

«ጠፋብኝ» አለች።

ሠርካለም ዓይናቸውን ከድነው ነበር። «ልበለው?» ብለው ጠየቁ።

«በይው።»

ሦስተኛውንም አራተኛውንም አሉት፤ አንዲት ቃል አልጎደለችም። ሲጨርሱም የአባታቸው ተማሪዎች እንደሚያደርጉት የባለቤቱን ስም ጠሩ፤ «ቃሉ የጽጌሬዳ ነው» አሉ። በአፍ የተባለው ይቅርታ በዚያን ጊዜ ይቅርታ ሆነ። ሁለቱም ድምፅ አውጥተው አለቀሱ፤ ጎረቤት ክፉ የሆነ መስሎት እየሮጠ ገባ።

ተዋናይት ሠርካለም ኅዳር 18 ቀን 2018 ዓ.ም. በተወለዱ በ47 ዓመታቸው ከዚህ ዓለም ድካም ዐረፉ። ሥርዓተ ቀብራቸውም ዛሬ አባታቸው ባገለገሉበት ደብር፣ ከወላጆቻቸውና ከወንድማቸው መቃብር አጠገብ ይፈጸማል። በሕይወት የተለዩዋቸው ባለቤታቸው አቶ እንዳልካቸው፣ ልጃቸው ሉሊት እንዳልካቸው፣ የወንድማቸው ልጅ ይርጋለም አያልነህ እና የወንድማቸው ባለቤት መምህርት ጽጌሬዳ ናቸው።

ይህ ንባብ ካለቀ በኋላ፣ አስከሬኑ ሲነሳ፣ የአያልነህ ባለቤት አራቱን ስንኝ ታወርዳለች። ቃሉ የጽጌሬዳ ነው፤ ያቆዩት ሠርካለም ናቸው። ከእርሳቸው ጋር ስለሚሄድ ዳግመኛ አይባልም። ስለዚህ ለቀስተኞችን የምንለምነው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ እባካችሁ በስልክ አትቅረጹት።

የሰሙትን ያልረሱትን ሠርካለምን፣ እግዚአብሔር በመንግሥቱ አይርሳብን፤ ነፍሳቸውን ከደጋጎቹ ጋር ያኑርልን። አሜን።