እትዬ አስካለ ያሉበት ግልባጭ

ሰኞ፣ ጥቅምት

ግቢውን ለኩት። ጣሊያኑ ገመድ ይዞ ዞረ፤ አስተርጓሚው፣ «ወረቀት የሌለው ይነሳል። እስከ ዓርብ» አለኝ። ወረቀት የለኝም። ባለፈው የካቲት፣ ሰው ሲያልቅ፣ ፍተሻ መጣ ሲባል የንጉሡ ማኅተም አለበት ብዬ ምድጃ ውስጥ የከተትኩት እኔው ነኝ። የቦታው እኩሌታ የባሌ እህት የእትዬ አስካለ ነው። ሳልጠይቃቸው ነው ያቃጠልኩት።

ጨው አልቋል። ላምባም።

ማክሰኞ

ደብሩ ሄድኩ። ባሌ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ እንደ ሰዉ ልማድ ርስቱን በወንጌሉ ባዶ ቅጠል ላይ አስጽፎ ነበር። አለ! መሪጌታ ግልባጩን ሊጽፉልኝ ነው። ብቻዬን ፊደል ከቆጠርኩ ወዲህ የቃል ምንጭ ያጓጓኛልና፣ ለምን ግልባጭ እንደተባለ ጠየቅኳቸው።

«እህል ከስልቻ ወደ ስልቻ ስትገለብጪ ምን ታደርጊያለሽ?»

«አራግፋለሁ።»

«እሱ ነው። ከሥር የቀረ ካለ ግልባጭ አይባልም፤ ቅንጫቢ ነው።»

ረቡዕ

አስተርጓሚው መንገድ ላይ አገኘኝ። «ያንቺን ድርሻ ብቻ አስጽፊ፤ ስም ሲበዛ ጥያቄ ይበዛል» አለ። እውነቱን ነው። የእትዬ አስካለ ልጅ ጫካ ገብቷል። ስማቸው ከታየ ጣጣ ነው። ካልታየ ደግሞ ቦታው በሙሉ የኔ ሊሆን ነው። ስማቸውን ልተወው ያሰብኩት ለሳቸው ብዬ ነው ወይስ ለቦታው? ራሴን አላመንኩትም።

ሐሙስ

ሸጎሌ ሄጄ ራሳቸውን ጠየቅኳቸው። በቆሎ ይፈለፍላሉ፤ ቀና እንኳ አላሉም።

«ወረቀቱን አቃጠልሽ፤ አሁን ደግሞ ስሜን?»

«ለርስዎ ፈርቼ ነው፣ እትዬ።»

«ያኔም ለኔ ነበር የፈራሽው?»

አንድ በቆሎ አንስቼ መፈልፈል ጀመርኩ። ቆይተው ሳቁ። «ልጄ ከነስሙ ነው ጫካ የገባው። እኔ ምድጃ ዳር ቁጭ ብዬ ስሜን ልደብቅ? አስጽፊኝ!»

በቆሎ ቋጥረው ሰጡኝ።

ዓርብ

መሪጌታ የጻፉትን ሲያነቡ እኔ ወንጌሉን በጣቴ ተከተልኩ። የጎደለ የለም። ጽሕፈት ቤታቸው ሄጄ ሙሉውን ሰጠሁ። አስተርጓሚው የእትዬ አስካለ ስም ላይ ሲደርስ ገላመጠኝ። ጣሊያኑ በቋንቋው አንድ ነገር ነገረው።

«ይቺ የት ናት?» አለኝ አስተርጓሚው።

«አሉ» አልኩ።

«ሰኞ ይዘሻት ነይ።» ወረቀቱን አስቀሩት።

ቅዳሜ

እትዬ አስካለ ቁርበታቸውን ተሸክመው መጡ። ሰኞ አብረን ልንሄድ ነው። ምን እንደሚገጥመን አላውቅም። ይህን ስጽፍ አይተው «አንብቢልኝ» አሉ፤ ምንም ሳልዘል አነበብኩላቸው። የልጃቸው ነገር ላይ ስደርስ እጄን ያዙኝ።

«አንቺ ሴት፣ ማቃጠልስ ይሄን ነበር!»

ሳቅን። አላቃጠልኩትም፤ ለጊዜው።