የአባባ እግር

ለምወድሽ እህቴ ለእታለም፣

እንደምን ከርመሻል? ወገብሽስ ተሻለሽ? አባባ እንቅልፍ ይወስደዋል? ምግብ ይቀምሳል? እኔ ደህና ነኝ። ደህና ነኝ ስል ቆሜ እሄዳለሁ ማለቴ ነው። ድካሙ አጥንቴ ውስጥ ገብቷል።

ደብዳቤሽ የደረሰኝ ፊቴን ዱቄት ሲቀቡኝ ነው። ቴሌቪዥን ጣቢያው ቅዳሜ ቅዳሜ ከሰዓት ዘፋኞች ያቀርባል፤ በዘፈኖቹ መካከል እኔ ወጥቼ አስቃለሁ። መብራቱ ይለበልባል፤ ዱቄቱ ከላቤ ጋር አገጬ ላይ ይረጋል። ሰው የሚወድልኝ አንካሳውን ዘበኛ ነው። ቁልፍ እያንቃጨለ፣ እያሳለ፣ አንድ እግሩን እየጎተተ ይገባል። ከማን እንደወሰድኩት አንቺ ታውቂያለሽ። እዚህ ለማንም አልተናገርኩም።

እናንተ ዘንድ ቴሌቪዥን ይገባል ብዬ አላሰብኩም። ጎረቤታችን ልብስ ሰፊው መግዛቱን፣ አባባን ደግፈሽ መውሰድሽን አሁን ካንቺ ሰማሁ። ሰፈሩ ሁሉ ሲንከተከት እሱ እግሬን እግሬን አየ። ቤት ስትገቡ፣ "እኔ የምጎትተው ግራዬን፤ እሱ የጎተተው ቀኙን። ልጄ እግሬን ረስቶታል" አለ አልሽኝ።

ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

የምንሠራው እዚያው በዚያው ይተላለፋል፣ አይቀረጽም፤ ራሴን አይቼ አላውቅም። ከበሮ መቺውን የትኛውን እግር ነው የምጎትተው ብዬ ብጠይቀው፣ "በትሬን ልይ ወይስ ያንተን ቅልጥም?" አለኝ። መስታወት ፊት ስለተለማመድኩ ተገለባብጦብኝ ነው ብዬ ልጽፍልሽ ጀምሬ ቀደድኩት። እውነቱን ልንገርሽ፤ ረስቼዋለሁ። ሳሉ ጆሮዬ ውስጥ አለ፣ ቁልፉም አለ። እግሩ ግን የለም። ያን ሁሉ ዓመት ከኋላ ከኋላው እየሄድኩ ምን ነበር የማየው?

አዘጋጁን ዘበኛው ይቅርብኝ አልኩት። "ያለ ዘበኛው አንተ ማን ነህና? ካልሳቁልህ ደግመህ እንዳትመጣ" አለኝ። ሌላ የማውቀው ሥራ የለኝም፣ እታለም።

ቢሆንም አባባን ለምኚልኝና የፊታችን ቅዳሜ ውሰጂው። ከፊት አስቀምጪው። ቁልፍ አልይዝም፤ አልስልም። በሁለት እግሬ ገብቼ እቆማለሁ። ምን እንደምል ገና አላውቅም። ሰው ባይስቅም እሱ ይየኝ።

ባልሽን ሰላም በይልኝ። መልኬን የማታውቀውን ትንሿን ልጅሽን ሳሚልኝ። አክስቴን ጥርሷን እንድትታከም ንገሪልኝ፤ ልብስ ሰፊውንም አመስግኚልኝ። የአባባን ጉልበት ሳሚልኝ። የግራውን።

ወንድምሽ
ከመኳኳያው ክፍል፣ ቅዳሜ ማታ፣ በወሩ በ12