መዶሻው አየር ላይ የቆመ ዕለት

ትሬቨና፣ እሑድ ከጸሎት መልስ

ውድ ሄድሊ፣

ጤንነትህን አልጠይቅህም፤ ጋዜጣው በየሳምንቱ ይነግረኛል። ባለፈው ሳምንት «የተቃዋሚው መሪ አቶ ትሬምባት ከጠቅላይ ሚኒስትሩ ጋር እራት በሉ፤ በመልካም ጤንነት ላይም ይገኛሉ» ይላል። ምን እንደ በላችሁ አልጻፈም። እኔ ግን ያሰብኩት ስለ ምግቡ ሳይሆን ማን ማንን እንደ ጋበዘ ነው።

እህትህ ኬዝያ አጠገቤ ተቀምጣ ካልሲ ትጠግናለች። ለአንተ እንደምጽፍ ታውቃለች፤ ምን እንደምጽፍም ታውቃለች፤ ስለዚህ አታናግረኝም። በደህናው ጊዜ ቢሆን «አንተ እኮ የገዛ ጥላህ ሲከተልህ ማን ላከህ የምትል ሰው ነህ» ትለኝ ነበር። እውነቷን ነው። አባቴ ከኮርንዎል ተነስቶ ባሕር አቋርጦ እዚህ አውስትራሊያ የመጣው «መዳቡ ከመሬት ላይ ይለቀማል» ብለውት ነው። እንደ ደረሰ አካፋ ሰጡትና ቆፍር አሉት። ከዚያ ወዲህ በእኛ ቤት የሰማውን ሁሉ ያመነ ሰው የለም።

አንተን ግን አምንህ ነበር። ለምን እንደሆነ ታውቃለህ። የመብሻው መኪና ሳይመጣ፣ ድንጋይ በእጅ በሚበሳበት ዘመን፣ አንተ በመዶሻው ትመታ ነበር፣ እኔ ድንጋዩን የሚበሳውን ብረት እይዝ ነበር። ብረት የሚይዝ ሰው መዶሻውን አያይም። ዓይኑን ብረቱ ላይ ተክሎ ከየምቱ በኋላ ትንሽ ትንሽ ያዞረዋል። ቀና ብሎ መዶሻውን ያየ እንደሆነ እጁ ይሸሻል፤ እጁ የሸሸ ደግሞ ጣቱን ያጣል። በሻማ ብርሃን ስንት ዓመት እንደዚያ ሠራን፤ አሥሩም ጣቶቼ ዛሬም አብረውኝ አሉ። ለዚህ የማመሰግነው እግዚአብሔርንና አንተን ነው።

በአድማው ጊዜ ጋሪ ላይ ወጥተህ ስትናገር ጋሪው እንዳይንሸራተት ከሥር የያዝኩትም ለዚህ ነው። አድማው ከከሸፈ በኋላ በየመዳብ ጉድጓዱ በር «ትሬምባት አይገባም» ተባለ፤ ዓሣ በጋሪ እያዞርክ እስከ መሸጥ ደረስክ። በየደጁ ስለ ሠራተኛ ማኅበር ስትሰብክ ዓሣው ይሸትብህ ነበር። «ሄድሊ ልጄ፣ ስብከቱን ቀንስና በረዶውን ጨምር» ያሉህን አሮጊት ታስታውሳለህ? እኚያው አሮጊት ናቸው በምርጫው ዕለት ጎረቤቱን ሁሉ እየቀሰቀሱ ያወጡልህ።

አዴላይድ ምክር ቤት የገባህ ዕለት የለበስከው የእኔን የሠርግ ኮት ነበር፤ እጅጌው አጥሮህ ነበር። ያን ጊዜ የሠራተኛው ወገን ሁሉ አንድ አግዳሚ ወንበር ይበቃው ነበር። ቀስ በቀስ በዛችሁ፤ መሪያችሁ ሲሞትም አንተን መረጡህ። የተቃዋሚ መሪ ሆንክ፤ ያውም ዓሣ ሻጩ ሄድሊ። እኛ እዚህ የጸሎት ቤቱን ደወል ስንደውል ሰባኪው እሳት የተነሳ መስሎት ባልዲ ይዞ ወጣ።

ያን ጊዜ ቃል የገባህልን አንድ ነገር ነው፤ ውሃ። መብሻው መኪና ከመጣ ወዲህ ጉድጓዱ ውስጥ ብናኙ እንደ ዱቄት ይቦናል። ገና ጎልማሳ የሆነ ሰው የጸሎት ቤቱን ደረጃ ሲወጣ ሁለት ጊዜ ያርፋል። በየመኪናው ላይ ውሃ ቢፈስ ብናኙ ይሞታል፤ ኩባንያው ግን ቧንቧ አልዘረጋም አለ። አንተ ሕግ ይሁን አልክ፤ አንቀጹንም ራስህ ጻፍክ። በዚህ ክረምት ረቂቁ ሲቀርብ አንቀጹን ከውስጡ ያወጣኸውም አንተ ራስህ ነህ። ጋዜጣው «ለጊዜው ተላልፏል» አለ። ሰውም ሲቀበር እኮ ለጊዜው ነው፤ ትንሣኤ አለና።

በዚያው ሳምንት ካፒቴን ሆስኪን አስጠራኝ። እኛ ዘንድ የጉድጓዱ ኃላፊ ካፒቴን ይባላል፤ ይኸኛው ግን መርከብ ቢሰጡት ውሃውን የሚሸጥ ነው። «ሮው፣ ከነገ ጀምሮ ላይ ሆነህ ድንጋይ ትለያለህ፤ ደሞዝህ አይነካም» አለኝ። አመስግኜ ወጣሁ፤ ግን እግሬ በሩን ሳያልፍ ጥርጣሬው ያዘኝ። ሆስኪን ለሰው ጥላውን እንኳ በነፃ አይሰጥም።

ወይዘሮ ፔንበርቲ፣ የካፒቴኑን ልብስ የምታጥበው፣ ነገሩን ጨመረችበት።

«የሚስትህን ወንድም ቅዳሜ ምሽት ከካፒቴኑ ጓሮ በር ሲወጣ አየሁት። ባርኔጣውን ዓይኑ ድረስ ደፍቶ» አለችኝ።

«ሌላ ሰው ይሆናል።»

«እንደሱ የሚራመድ ሌላ ሰው ካለማ ሁለት ተቃዋሚ መሪ አለን ማለት ነው።»

ሌላውም ሰው ማማት ጀመረ። «ትሬምባት ሚኒስትር ሊሆን ነው፤ ዋጋው ውሃችን ነው» ይላሉ። የፊታችን ሐሙስ የሠራተኛው ወገን ኮሚቴ ለምርጫው ዕጩ ይለያል። ግማሹ አንተን ይላል፣ ግማሹ ወጣቱን የማኅበሩን ጸሐፊ። እኩል ለእኩል ናቸው። ሊቀ መንበሩ እኔ ስለሆንኩ የሚቆርጠው የእኔ ድምፅ ነው። እንግዲህ አንተን መሪ ያደረጋት ከተማ ታስቀጥልህ ወይ ታውርድህ የሚለው ነገር እኔ እጅ ላይ ወደቀ።

የስምንት ሰዓት የሥራ ቀን ያገኘንበትን በምናስብበት በዓል ላይ የሆነውን ሁለታችንም አይተናል፤ ግን አንተ ከላይ ነበርክ፣ እኔ ከሥር። እንደ ልማዳችን ለድንጋይ መብሳቱ ውድድር ኮትህን አውልቀህ ለኬዝያ ሰጠሃት፤ እኔም ድንጋዩ ሥር ተንበረከክሁ። ሕዝቡም እንደ ልማዱ ለከፈህ።

«ክቡርነትዎ፣ መዶሻው አይከብድዎትም? ጸሐፊ እንጥራልዎት?»

«ተዉት፤ ሲደክመው ጉዳዩን ለጊዜው ያስተላልፈዋል።»

በሁለተኛው ቀልድ አንተ አልሳቅክም። እኔም መዳፍህን አየሁት፤ ለስልሷል።

ፊሽካው ሲነፋ ግን ምትህ የድሮው ምት ነበር። ብረቱን እያዞርኩ፣ ቀዳዳው እንዳይቦን ከጎኔ ካለው ጣሳ ውሃ አፈሰስኩበት። ያን ጊዜ ነው ደሜ የፈላው። ለበዓል ጨዋታ ድንጋዩን ውሃ እናጠጣዋለን፤ ታች ላሉት ልጆች ግን የለም። ማታ ልጠይቅህ ያሰብኩትን እዚያው ጠየቅኩህ። በፊትህ ገጽታ ልትዋሸኝ ትችላለህ፤ ምክር ቤት ብዙ ያስተምራል። በመዶሻ ግን ዋሽተኸኝ አታውቅም።

«ሄድሊ፣» አልኩህ ቀና ሳልል፣ «ካፒቴኑ ቤት ምን ልትሠራ ገባህ?»

ምቱ ቀረ። ጠበቅኩ፤ አልመጣም። ሳላስበው ቀና ስል መዶሻው አየር ላይ ቆሟል።

«እጅህን አንሳ» አልከኝ።

«አላነሳም። መልስልኝ።»

«ሰው እያየን ነው፣ ፓስኮ።»

«ሰው የሚያየው መዶሻውን ነው።»

«ማታ ቤት እነግርሃለሁ።»

«ና። የእኔ ቤት የጓሮ በር የለውም፤ በፊት ለፊት ነው የምትገባው።»

መዶሻውን አስቀመጥክ፤ ተሸነፍን። ሕዝቡ «የከተማ ኑሮ ትንፋሹን ወሰደው» ብሎ ወደ ቢራው ሄደ። እኔ ግን እስከ ዛሬ ያንን መዶሻ አስባለሁ። ጥፋተኛም ሲደነግጥ ይቆማል፤ እጁ መንቀጥቀጡን አውቆ የጓደኛውን ጣት የሚሳሳለትም ይቆማል። ከሥር ሆኖ ለሚያይ ሁለቱ አይለዩም።

ማታ መጣህ። ኬዝያ ሥጋና ድንች በሊጥ ጠቅልላ የጋገረችውን ፓስቲ አቀረበችልህ፤ እንደ ድሮው ጫፉ ላይ የስምህን የመጀመሪያ ፊደል ጽፋበታለች። አልነካኸውም።

«እሺ፣ የካፒቴኑ ጓሮ እንዴት ነው? ጽጌረዳው አብቧል?» አልኩህ።

አንተ አፍህን ሳትከፍት ኬዝያ ተነሳች። «እኔ ነኝ የላክሁት» አለች። «አልጋው እስኪነቃነቅ ስትስል አንተ ተኝተህ ነው፤ የምሰማው እኔ ነኝ። ሂድና ካፒቴኑን ለምንልኝ፣ ባሌን ከጉድጓድ ያውጣልኝ አልኩት። አሁን ደግሞ እኔን ጠርጥር።»

ሄድሊ፣ ቤቴ ውስጥ ያልጠረጠርኩት እሷን ብቻ ነበር።

«ስለ አንቀጹ አንድ ቃል አልተነሳም» አልከኝ። «በእናቴ መቃብር እምልልሃለሁ። ጠቅላይ ሚኒስትሩ የውሃውን አንቀጽ ካወጣህ የጉድጓድ መርማሪ መሾሙንና የመበለቶቹን ካሳ አሳልፍልሃለሁ ብሎኝ ነበር። ካፒቴኑን ባላየውም አንቀጹን አወጣው ነበር።»

«ካፒቴኑስ ምን አለህ?»

«ይታያል አለኝ። ሻይ አቀረበልኝ።»

«ጠጣህ?»

«ጠጣሁ።»

«ታዲያ አንተ ምንም ካልሰጠኸው እሱ ለምን ሰጠኝ?»

«አላውቅም» አልክ። ሌላውን ሁሉ በጥርጣሬ ነው የሰማሁት፤ መሐላህንም ጭምር። «አላውቅም» ያልከውን ግን አመንኩህ።

በማግስቱ ራሱን ልጠይቀው ሄድኩ። ባርኔጣዬን በእጄ ይዤ «ካፒቴን፣ ወደ ታች ይመልሱኝ» አልኩት።

ብዕሩን አስቀመጠና «ትሬምባት ያውቃል?» አለኝ።

ልብ በል። አብደሃል ወይ አላለኝም፤ ስለ ሳል ሕመሜም አልጠየቀኝም። መጀመሪያ ከአፉ የወጣው ያንተ ስም ነው። ያን ጊዜ ሁሉም ገባኝ። ሆስኪን ከአንተ ምንም አልጠየቀህም፤ መጠየቅም አላስፈለገውም። ሻይ አጠጣህ፣ እኔን አወጣልህ፣ ዝም አለ። እናትህ የበላበትን ወጭት ሰባሪ አድርጋ እንዳላሳደገችህ ያውቃል። አንቀጹን ለጊዜው አወጣሁት ትላለህ፤ እመለስበታለሁ ብለህም አስበህ ይሆናል። ግን በመጪው ዓመት ስለ ውሃው ልትናገር ስትነሳ፣ እኔ ከጉድጓዱ ውጭ ፀሐይ እየሞቅኩ ድንጋይ ስለይ እታይሃለሁና ቀስ ብለህ ትቀመጣለህ። አንተም ለምን እንደ ተቀመጥክ አታውቀውም።

«ወርደህ ትሞታለህ እኮ» አለኝ ቆይቶ።

«ለዚህ ነው ውሃ የጠየቅነው» አልኩት።

ከነገ ጠዋት ጀምሮ ታች ነኝ። በአንተና በሆስኪን መካከል የነበረውን ውለታ መልሼለታለሁ፤ ከእንግዲህ የምትፈራው ወጭት የለም። ሐሙስም ድምፄን ለአንተ እሰጣለሁ። ጥርጣሬው ለቀቀው ብለህ እንዳታስብ፤ አለቀቀኝም፤ ይህን ስጽፍም አብሮኝ ተቀምጧል። ወጣቱ ጸሐፊ ንግግሩ ጥሩ ነው፤ ግን መዶሻ ይዞ አላየሁትም። አንተ ልትመታኝ በምትችልበት ሰዓት ቆመሃል። ከጥፋትም ይሁን ከፍቅር፣ ቆመሃል።

ነገር ግን ምክር ቤቱ ሲከፈት የመጀመሪያው ንግግርህ ስለ ውሃ ይሁን። ካልሆነ እንዲህ አደርጋለሁ ብዬ አልፎክርም። የት እንዳለሁና ምን እንደምተነፍስ ብቻ አስታውስ። ውሃው በዘገየ ቁጥር ማን ላይ እንደሚዘገይ ታውቀዋለህ።

ኬዝያ ይህን ሳነብላት ከስንት ቀን በኋላ አናገረችኝ። «ወንድሜን በገዛ ደረትህ መያዣ አደረግኸው» አለች። አልካድኳትም። ሌላ የሚያዝ ነገር የለኝም። እወድሃለሁ፣ ሄድሊ፤ እንደምወድህ በመዶሻው ዘመን ነግሬህ ስለማላውቅ አሁን እወቀው። ከምወደው ሰው ነው ይህን የምጠይቀው።

ሰኞ ጠዋት። ደብዳቤውን ልዘጋው ስል አንድ ነገር ልጨምር። ታች የሚሠሩ ሰዎች ፓስቲ እንዳይቀያየር ሚስቶቻቸው ጫፉ ላይ ፊደላቸውን ይጽፉበታል። እኔ ላይ ከወጣሁ ወዲህ ኬዝያ መጻፉን ትታው ነበር፤ ምሳዬን ቤት ነበር የምበላው። ዛሬ ስነሳ እሷ የለችም፤ ውሃ ልትቀዳ ሄዳለች። ጠረጴዛው ላይ ፓስቲው በጨርቅ ተጠቅልሎ ተቀምጧል፤ ጫፉ ላይ የእኔ ፊደል አለ። በጣም ተጭናው ሊጡ እስከ ታች ተቆርጧል። ኪሴ ከትቼው መውረዴ ነው።

ብረቱን የያዘልህ፣ አሁንም የያዘው፣

ፓስኮ ሮው