ፈተናሽ መቼ ነው የሚያልቀው?

ሰኞ

ዛሬም አባባ ስልክ ላይ አልቀረቡም። ወንድሜ ደሳለኝ «ተኝተዋል» አለኝ። ትናንት «ቤተ ክርስቲያን ናቸው» ብሎኝ ነበር። ከትናንት ወዲያ ደግሞ «ጉሮሯቸውን አሟቸው መናገር አልቻሉም» አለኝ።

እንደ ልማዴ ዘረዘርኩት። አንድም ተኝተዋል። አንድም ታመዋል፣ እንዳልጨነቅ ብለው ነው። አንድም ደሳለኝ ሰነፍ ነው፣ ስልኩን ይዞ ጓዳ ድረስ መሄድ ታክቶታል። ሌላ አንድም አልጨመርኩም። ሩዝ ቀቅዬ በላሁ።

አባባ የመጽሐፍ መምህር ናቸው። ተማሪዎቻቸው ግቢያችን ውስጥ ተቀምጠው አንዷን ቃል «አንድም እንዲህ ነው፣ አንድም እንዲያ ነው» እያሉ ሲተረጉሙ፣ እኔ ልብስ እያጠብኩ እሰማ ነበር። በአባባ ጉባኤ ሁሉም ትርጓሜ ጎን ለጎን ይቆማል፣ የሚጣል የለም። ዓምና ጉድ የሠራኝ ይኸው ነው። እዚህ ሮም የመካከለኛው ዘመን ፍልስፍና ፕሮፌሰራችን ሴሚናሩን የሚዘጉት በድሮው የዩኒቨርሲቲ ሥርዓት፣ በክርክር ነው። ተማሪው ፊት ወጥቶ የተቃዋሚውን ሐሳብ በራሱ አፍ ይደግማል፣ ተቃዋሚው «አዎ፣ ያልኩት ይህን ነው» ካላለ መልስ መስጠት አይችልም። በመጨረሻ አንዱን መርጦ ይቆርጣል። እኔ ሁሉንም አሳምሬ ዘረዘርኩ። «አሎራ፣ እንግዲህ የእርስዎስ?» ሲሉኝ፣ «ሁሉም ያስኬዳል» አልኳቸው። ጣሉኝ።

ሐሙስ እንደገና እቀርባለሁ። ዘንድሮ ከወደቅሁ ትምህርቱ አበቃ፣ ሻንጣዬን ይዤ ወደ አገሬ ነው።

ማክሰኞ

ፒያሳ ቪቶሪዮ ገበያ ሄጄ ሎሚና ቃሪያ ገዛሁ። ከቤተ ክርስቲያን በዓይን ብቻ የማውቃት ሴትዮ አገኘችኝና እጄን ይዛ አልለቅ አለች። «በርቺ የኔ ልጅ። ፈተናሽ መቼ ነው የሚያልቀው?» ሐሙስ አልኳት። «ሐሙስ፣ ሐሙስ» ብላ ለራሷ ደገመችው።

ተርሚኒ ባቡር ጣቢያ አጠገብ ያለው የሐበሻ ባር ባለቤትም ያንኑ ጠየቀኝ። ይህ ሰውዬ ለሦስት ዓመት «ያንቺ ትምህርት ምን ይሠራል? ፒሳ ይጋግራል?» እያለ ሲያሾፍብኝ የኖረ ነው። ዛሬ አላሾፈም። ሻይ ራሱ አመጣልኝ፣ ስኳሩንም ራሱ ጨመረልኝ። ሮም ያለ ሐበሻ ሁሉ የፈተናዬ ቀን አሳስቦታል ማለት ነው።

መደንገጥ እንዳለብኝ ገባኝ። አልደነገጥኩም። ሜትሮ ላይ መቀመጫ አገኘሁ፣ ሰፈሬ ፖንቴ ማሞሎ ስደርስ ወረድኩ፣ ሎሚውን መቀመጫው ላይ ረሳሁት።

ረቡዕ

ኮሪደሩ ውስጥ ከመጋረጃው ጀርባ ወንበሮች ተደርድረዋል። የሚታጠፉ ናቸው፣ የቤተ ክርስቲያኑ አዳራሽ ወንበሮች።

አብሬያቸው የምኖረው እትዬ ለተብርሃን የአስመራ ሴት ናቸው፣ አማርኛን በአገራቸው ትምህርት ቤት የተማሩ። ቀን ቀን አንዲት አሮጊት ጣሊያናዊት ይጦራሉ። «የምን ወንበር ነው?» አልኳቸው።

«አሎራ... የጎረቤት ነው፣ ጓለይ፣ ልጄ። ቤቱን ቀለም ሊቀባ ነው።»

ጎረቤታችን ቤቱን ከቀባ ገና ወር አልሞላውም። እትዬ ለተብርሃን ሲዋሹ ጆሯቸው ይቀላል። ዛሬ ቲማቲም መስሎ ነበር።

መርዶ በስልክ አይነገርም። ሰው ይሰበሰባል፣ ማለዳ ይመጣል፣ በር ይንኳኳል፣ ቀስ ተብሎ ይነገራል። በዚህ ሰፈር ሲሆን መርዶ ነጋሪዋ እሳቸው ናቸው፣ ስንቱን ቤት አብሬያቸው ሄጃለሁ። ወንበር ተሸክሜላቸዋለሁ። ታዲያ እንዴት አላውቅም ብለው አሰቡ?

ግን አልጠየቅኋቸውም። ብጠይቅ ወይ ይዋሻሉ ወይ ያለቅሳሉ፣ እኔ ደግሞ ነገ መቆም አለብኝ። ካልተነገረኝ ገና አልሆነም። አንድም ወንበሩ የጎረቤት ነው።

ክፍሌን ዘግቼ አነበብኩ። የነገው ጥያቄ የአስራ አራተኛው ክፍለ ዘመን ነው። እግዚአብሔር አንድን ኮከብ አጥፍቶ፣ ኮከቡን ያየንበትን እይታ ግን ውስጣችን ቢተወው ምን እንላለን? አንደኛው ወገን፦ እንታለላለን፣ ኮከቡ አለ ብለን እናምናለን። ሌላው ወገን፦ አንታለልም፣ በዚያው እይታ ኮከቡ እንደሌለ እናውቃለን። የሁለተኛው ሐሳብ ሁልጊዜ ያስቀኝ ነበር። እያዩት እንዴት የለም ይባላል?

ዛሬ ግን አላሳቀኝም። አባባ መነጽራቸውን በክር አስረው፣ መጽሐፉን ከዓይናቸው አርቀው ሲያነቡ ቁልጭ ብለው ይታዩኛል። አላለቀስኩም። እንደ ግንድ ነው የሆንኩት። በራሴ አፈርኩ።

ሐሙስ

አለፍኩ።

ተቃዋሚዬ ማርኮ ነበር፣ ጎበዝ ልጅ ነው፣ ሲናገር እጁ አያርፍም። «ይታለላል» የሚለውን ወገን ያዘ። ሐሳቡን ደገምኩለት። «የሚወዱትን ነገር አጥርቶ የሚያይ ሰው፣ ‹የለም› ሊል አይችልም። ሊልም አይፈልግም።» ማርኮ «‹አይፈልግም› የሚለውን እኔ አላልኩም፣ ግን እቀበላለሁ» አለ። ፕሮፌሰሩ ቀና ብለው አዩኝ።

ከዚያ ማስረጃዎቹን በየወገናቸው ዘረዘርኩ። ፕሮፌሰሩ ዓምና እንዳሉት «አሎራ፣ እንግዲህ የእርስዎስ?» አሉ።

«አይታለልም» አልኩ። «አየዋለሁ፤ እንደሌለም በዚያው አውቃለሁ። ኖን ቼ ፒዩ።»

አጥርቼ፣ ድምፄ ሳይንቀጠቀጥ ተናገርኩት። «ከእንግዲህ የለም» ማለቴ ነው፤ በጣሊያንኛ ስለው ግን ምንም አላለኝም፣ የሰዋስው ምሳሌ ያነበብኩ ያህል ነበር። ፕሮፌሰሩ እጄን ጨበጡኝ። «በመጨረሻ ቆረጡ» አሉኝ።

ቤት ስገባ እትዬ ለተብርሃን በሩ ላይ ጠበቁኝ። «እህስ?» አለፍኩ አልኳቸው። አቅፈው ሳሙኝ፣ ወዲያው ፊታቸውን ወደ ምድጃው አዞሩ። «ቫ ቤኔ፣ ደህና፣ እንግዲህ ዛሬ በጊዜ ተኚ» አሉ።

በጊዜ ገባሁ። ጥቁር ሹራቤን ከሻንጣ አውጥቼ ወንበር ላይ ሰቀልኩት።

ዓርብ

ጎህ ሲቀድ ወንበሮቹ ሲዘረጉ ሰማሁ። ሰዎቹ ድምፅ እንዳያሰሙ ሲጠነቀቁ ወንበሮቹ ጭራሽ ብሰው ይንኳኳሉ። ፊቴን ታጥቤ፣ ለብሼ፣ አልጋዬ ላይ ተቀምጬ ጠበቅኋቸው።

በሩ ተንኳኳ። ባለ ባሩ፣ የገበያዋ ሴትዮ፣ ሌሎችም ነጠላ አዘቅዝቀው ቆመዋል። እትዬ ለተብርሃን አጠገቤ ተቀመጡ። «ጓለይ፣ አባትሽ ትንሽ አሟቸው...» ብለው ቆሙ። ስንት ሰው ያረዱ ሴትዮ ቃል ጠፋቸው። እንደገና «ትንሽ አሟቸው ነበርና...» አሉ። አሳዘኑኝ። ላግዛቸው ብዬ ነው እንጂ ሌላ ሐሳብ አልነበረኝም።

«አባባ የሉም» አልኩ።

በአማርኛ ስለው የመጀመሪያዬ ነው። ከዚያ በኋላ የወጣውን ድምፅ የእኔ መሆኑን ያወቅሁት ሰዎቹ ሲይዙኝ ነው።

ከሰዓት

ሰው ይገባል፣ ይወጣል። ሰውነቴ የራሴ ሆኖ ያመኛል፣ እንደ ግንድ ከመሆን ይሄም ይሻላል።

ደሳለኝ ደወለ። ስለ ዋሸኝ ይቅርታ ጠየቀኝ፤ አባባ ራሳቸው ናቸው ሳያርፉ በፊት «ፈተናዋን ሳትጨርስ እንዳትነግሯት» ያሉት። ከዚያ «ታዲያ እንዴት ሆነ?» አለኝ። አለፍኩ አልኩት። ከወዲያ ታላቅ እህቴ እልል ማለት ጀመረች፣ መሐል ላይ ለቅሶ ሆነባት።

እልልታ ይሁን ለቅሶ፣ የቱ እንደሆነ እሷንም አልጠየቅኋት። ይህን ሳልቆርጠው እተወዋለሁ፣ ሁለቱም ይቁሙ።